ችቦ የያዘውን ሕዝብ ያስቀረ ጸሐፊ፦ የጂሚ ሳንግስተር የሙያ ሕይወት

በ1931 ሆሊውድ ውስጥ የተሠራውን የፍራንከንስታይን ፊልም ያየ ሰው መጨረሻውን አይረሳውም። የመንደሩ ሕዝብ ችቦ ለኩሶ፣ ውሾች አስከትሎ ጭራቁን ያሳድዳል፤ የተጠለለበትን የነፋስ ወፍጮም እሳት ይለቅበታል። ከሩብ ምዕተ ዓመት በኋላ፣ በ1956፣ አንድ የ28 ዓመት ወጣት ያንኑ ታሪክ ሀመር ለተባለ አነስተኛ የእንግሊዝ ፊልም ኩባንያ እንደ አዲስ ሲጽፍ ሕዝቡን ከነችቦው አስቀረው። ወፍጮ የለም፣ አመፅ የለም፣ አሳዳጅ የለም። ሕዝቡ ለምን ቀረ ተብሎ በኋላ ሲጠየቅ የሰጠው መልስ አጭር ነበር፤ ለሕዝቡ የሚከፈል ገንዘብ አልነበረም።

ጸሐፊው ጂሚ ሳንግስተር ይባላል። ፊልሙ «የፍራንከንስታይን እርግማን» ነው። የእንግሊዝን አስፈሪ ፊልም ለሃያ ዓመት ያህል በዓለም ገበያ ላይ ያቆመው ይህ ሥራ ነው። ስለዚያ ዘመን የተጻፈ አብዛኛው ነገር የሚያወሳው ዳይሬክተሩን ቴሬንስ ፊሸርን፣ ከሁሉ በላይ ደግሞ ተዋናዮቹን ፒተር ኩሺንግንና ክሪስቶፈር ሊን ነው። ይገባቸዋል። ሆኖም የሳንግስተርን ጉዳይ ለብቻው አውጥቶ መመርመር ያስፈልጋል ብዬ አምናለሁ፤ ምክንያቱም በፊልም ታሪክ ውስጥ የገንዘብ እጥረት የአንድን ሰው የአጻጻፍ ስልት እንዴት እንደሚወልድ፣ ከጊዜ በኋላም እንዴት እንደሚያስረው፣ የእሱን ያህል ጥርት አድርጎ የሚያሳይ ሌላ ምሳሌ አላውቅም። (በጽሑፉ ውስጥ ያሉት ዓመታት በሙሉ በአውሮፓውያን አቆጣጠር ናቸው።)

በሒሳብ የተገራ ብዕር

ሳንግስተር በዲሴምበር 1927 በሰሜን ዌልስ፣ ኪንመል ቤይ በተባለች የባሕር ዳርቻ ከተማ ተወለደ። ወደ ፊልም ሥራ የገባው ገና ጎረምሳ ሳለ ነው፤ በጽሕፈት ግን አልነበረም። ከታችኛው እርከን ተነሣ፤ በብሪታንያ አየር ኃይል ብሔራዊ አገልግሎቱን ፈጽሞ ሲመለስ፣ በ1940ዎቹ መጨረሻ፣ በኋላ ሀመር በሚል ስም የታወቀውን ኩባንያ ተቀላቀለ። በዚያም ረዳት ዳይሬክተር፣ ቀጥሎም የፕሮዳክሽን ሥራ አስኪያጅ ሆነ።

ይህ የመጨረሻው ሹመት የጉዳዩ ሁሉ ቁልፍ ነውና ጥቂት ልቆይበት። የፕሮዳክሽን ሥራ አስኪያጅ ስክሪፕት የሚያነበው እንደ ተመልካች አይደለም። ገጹን ይዘረዝረዋል። ትዕይንቱ ቀን ነው ወይስ ሌሊት? ቤት ውስጥ ነው ወይስ ደጅ? ስንት ተዋናይ ይናገራል፣ ስንቱ ቆሞ ያያል? ስንት ሠረገላ፣ ስንት ፈረስ፣ ስንት የዘመኑ አልባሳት ያስፈልጋል? አንድ ደራሲ «ሕዝቡ በአደባባዩ ተሰበሰበ» ብሎ ለመጻፍ ግማሽ ደቂቃ አይፈጅበትም። ሥራ አስኪያጁ ግን ያቺን ዓረፍተ ነገር ሲያነብ የሚታየው የመቶ ሰው የቀን አበል፣ መጓጓዣ፣ ልብስ፣ ምሳ ነው፤ ሌሊት ከሆነ ደግሞ የትርፍ ሰዓት ክፍያ። ሳንግስተር ለዓመታት የሌሎችን ዓረፍተ ነገር እንዲህ ሲተምን ኖሯል። ብዕር ሲያነሣ የእያንዳንዱን ቃል ዋጋ አስቀድሞ ያውቅ ነበር።

ኩባንያውም ለዚህ ዓይነት ሰው የተመቸ ነበር። ሀመር የካሬራስና የሃይንድስ ቤተሰቦች ንብረት ነበር። ጄምስ ካሬራስ ገበያውን ይመራል፤ አንቶኒ ሃይንድስ ፊልሞቹን ፕሮዲውስ ያደርጋል። በ1951 ከለንደን በስተ ምዕራብ፣ ዊንዘር አጠገብ፣ በቴምዝ ወንዝ ዳር ያለ አንድ አሮጌ የገጠር መኖሪያ ይዘው የብሬይ ስቱዲዮ አደረጉት። ክፍሎቹና ደረጃዎቹ ራሳቸው መቅረጫ ሆኑ። ለአንድ ፊልም የተሠራ የቤተ መንግሥት አዳራሽ ዓምዱ ተቀይሮ፣ መጋረጃው ተለውጦ በሚቀጥለው ፊልም መቃብር ቤት ይሆናል። የዚህ ጥበብ ባለቤት በርናርድ ሮቢንሰን የተባለው የመድረክ ንድፍ ባለሙያ ነበር፤ እሱ ባይኖር የሳንግስተር ቁጠባ በስክሪኑ ላይ ድህነት ሆኖ በታየ ነበር።

የአገሩ ሕግም ትንሽ ኩባንያ እንዲተነፍስ ያግዝ ነበር። ሲኒማ ቤቶች ከሚያሳዩት ፊልም የተወሰነው የአገር ውስጥ እንዲሆን ኮታ ነበረባቸው፤ ከ1950 ጀምሮ ደግሞ ከትኬት ሽያጭ ላይ የሚቆረጥ ገንዘብ በተመልካቹ መጠን ለብሪታንያ ፊልም ሠሪዎች ይመለስ ነበር። ስለዚህ በትንሽ ገንዘብ ተሠርቶ ብዙ ሰው የሚያይለት ፊልም ከሁሉ ይልቅ አትራፊ ነው። በ1951 የሳንሱር ቦርዱ ከ16 ዓመት በታች ያሉትን የሚከለክል ኤክስ የተባለ ደረጃ አወጣ። ሌሎች ኩባንያዎች ሲሸሹት ሀመር ማስታወቂያ አደረገው።

«ጽፈህ አምጣ»

በ1955 ሀመር ከቢቢሲ ተከታታይ ድራማ የወሰደው፣ ስለ ሳይንቲስቱ ኳተርማስ የሚተርከው ፊልም ገበያው ደራለት። ተከታይ ቢፈለግም ደራሲው ናይጀል ኒል ገጸ ባሕርዩን ሌላ ሰው እንዲጽፍበት አልፈቀደም። በቢሮ በተደረገው ውይይት ላይ ሳንግስተር፣ ያኔ ከአንድ አጭር ፊልም በስተቀር ምንም ያልጻፈው ሥራ አስኪያጅ፣ ሐሳብ ወረወረ፤ ጭራቁ ከጠፈር ከመምጣት ይልቅ ከመሬት ሆድ ቢወጣስ? ሃይንድስ ሐሳቡን ወደደውና ራሱ እንዲጽፈው ነገረው። ውሉ ቀላል ነበር፤ ከወደድነው እንከፍልሃለን፣ ካልወደድነው የሥራ አስኪያጅነት ደመወዝህን እየበላህ ነውና አትጎዳም።

የወጣው ጽሑፍ በ1956 «ያልታወቀው ኤክስ» ተብሎ ተቀረጸ። ስኮትላንድ ውስጥ መሬት ተሰንጥቆ ጨረር የሚመገብ ጭቃ መሰል ነገር ይወጣል። ሳንግስተር ይህን ጭራቅ ለፊልሙ ግማሽ ያህል ጊዜ አያሳየንም። ወታደሩ ወደ ጨለማው ያያል፣ ፊቱ ይለዋወጣል፣ ይጮኻል። ካሜራው ያለው ፊቱ ላይ ነው። ጭራቁ ላይ የሚወጣው ገንዘብ ለመጨረሻዎቹ ትዕይንቶች ተቆጥቦ ይቆያል። በኋላ ደጋግሞ የተጠቀመበት ዘዴ እዚህ ላይ ተገኘ፤ ፍርሃቱን ለተዋናዩ ፊት መስጠት፣ ፍጡሩን ለበጀቱ መተው።

ማርማላታ

«የፍራንከንስታይን እርግማን» ወደ ሀመር የመጣው በሌላ ሰው ስክሪፕት ነው። ሚልተን ሰቦትስኪ የተባለ አሜሪካዊ የጻፈው ረቂቅ ቀርቦላቸው ነበር፤ ግን ለ1931 ፊልም በጣም ቀረበባቸው። የዚያ ፊልም ባለቤት ዩኒቨርሳል ደግሞ ዓይኑን ተክሎ ይጠባበቅ ነበር። የሜሪ ሼሊ ልብ ወለድ የማንም አይደለም፤ የጭራቁ ጠፍጣፋ ራስና አንገቱ ላይ ያለው ብሎን፣ በአጠቃላይ ፊልሙ የፈጠረው ሁሉ ግን የኩባንያው ነው። ከእነዚያ አንዱ ቢነካ ክስ ይከተላል። ሥራው ለሳንግስተር ተሰጠ። በአንድ በኩል ገንዘብ የለም፤ በጀቱ 65,000 ፓውንድ አካባቢ ነበር። በሌላ በኩል ሁሉም የሚያውቀውን ጭራቅ ማሳየት ክልክል ነው።

መፍትሔው አንድ እርምጃ ነበር፤ ጭራቁን ከመሐል አውጥቶ ፈጣሪውን ባሮን ፍራንከንስታይንን አስገባ። በቀደመው ፊልም ሳይንቲስቱ በፍጥረቱ የተደናገጠ፣ ለማዘን የሚመች ሰው ነው። የሳንግስተር ቪክተር ፍራንከንስታይን ግን ለሚፈልገው አንጎል ሲል አንድ ሽማግሌ ፕሮፌሰር ከፎቅ ገፍትሮ የሚገድል፣ ትሑት፣ ጨዋ፣ ልብሱ የጸዳ ወንጀለኛ ነው። ፍጡሩ የሚነሣው ፊልሙ ከተጋመሰ በኋላ ሲሆን ቃል አይናገርም። ጭራቅነቱ ወደ ባሮኑ ስለተላለፈ፣ ጭራቁ ምን እንደሚመስል ያን ያህል አያስጨንቅም። እንዲያውም ሜካፑን ፊል ሊኪ በመጨረሻ ሰዓት ፍጡሩን በሚጫወተው በሊ ፊት ላይ በቀጥታ ነው የፈጠረው።

አወቃቀሩንም ተመልከቱ። ፊልሙ የሚጀምረው በእስር ቤት ነው። ባሮኑ የሞት ፍርዱን እየጠበቀ ለአንድ ቄስ ታሪኩን ይናገራል። አንድ ክፍል፣ ሁለት ሰው፣ በር። ቀሪው በአብዛኛው በባሮኑ ቤት ውስጥ፣ በአራትና አምስት ሰዎች መካከል ያልቃል። በመጨረሻ ወደ እስር ቤቱ ስንመለስ የቀድሞ መምህሩና የሥራ ባልደረባው ፖል ይመጣል፤ ባሮኑ እውነቴን መሰክርልኝ ብሎ ይለምነዋል፣ ፖል ግን ዝም ይላል። ችቦ የያዘ ሕዝብ ሊያደርገው የነበረውን ሥራ አንድ ሰው ባለመናገሩ ፈጸመው። ይህ ከወፍጮው ቃጠሎ የሚያንስ መጨረሻ አይደለም፤ ለእኔ እንዲያውም ይበልጣል፤ ምክንያቱም ሕዝብ በቁጣ ይገድላል፣ ፖል ግን አስቦበት ነው።

ከፊልሙ ግን ወደ አንዲት ትዕይንት ጠጋ ማለት እፈልጋለሁ። ጀስቲን የቤቱ ሠራተኛ ናት፤ የባሮኑም ውሽማ። ማርገዟን ትነግረዋለች፤ ካላገባኝ የምትሠራውን ለባለሥልጣናት አሳውቃለሁ ትላለች። እሱ ማስረጃ የለሽም ብሎ ያፌዝባታል። ሌሊት ማስረጃ ፍለጋ ሹልክ ብላ ወደ ቤተ ሙከራው ትገባለች። ፍጡሩ እዚያ ነው። ባሮኑ ከበስተኋላዋ በሩን ይቆልፋል። ጩኸቷን እንሰማለን፤ የምናየው ግን ባሮኑ ሆኖ የሚያዳምጠውን የኩሺንግ ፊት ነው። ወዲያው ምስሉ ይቀየራል፤ ጠዋት ነው፣ ቁርስ ቀርቧል፣ ባሮኑ ማርማላታ እንዲያቀብሉት በጨዋነት ይጠይቃል።

እስቲ ይህን እንደ ሥራ አስኪያጅ እንተምነው። አንድ በር፣ አንድ ቁልፍ፣ አንድ ጩኸት፣ የቁርስ ጠረጴዛ። የትግል ልምምድ የለም፣ ደም የለም፣ የሜካፕ ሰዓት የለም። ይሁንና የሰውየውን ጭካኔ ከዚህ በላይ የሚያሳይ ትዕይንት በፊልሙ ውስጥ የለም። ደም ማፍሰስ ቢፈልጉ ኖሮ ይችሉ ነበር፤ ፊልሙ በሌላ ቦታ የተቆረጠ እጅና በአጉሊ መነጽር የተመረመረ የዓይን ብሌን በቀለም አሳይቶናል። እዚህ ላይ ግን ጸሐፊው የመረጠው የቁርስ ጨዋነትን ነው። ከዚያ ወዲህ አስፈሪ ፊልሞች ይህን ዓይነት አቆራረጥ ስንት ጊዜ እንደተጠቀሙበት ቆጥሮ የሚዘልቀው የለም።

ፊልሙ በሜይ 1957 ለንደን ላይ ተከፈተ። የኦብዘርቨር ጋዜጣ ሐያሲ ሲ. ኤ. ሌዠን በሙያ ዘመኗ ካየቻቸው እጅግ አስጸያፊ ጥቂት ፊልሞች ተርታ አስቀመጠችው። ሕዝቡ ግን ተሰለፈ፤ ዋርነር ብራዘርስ በዓለም ዙሪያ አከፋፈለው፤ ገቢው ከወጪው ጋር የሚነጻጸር አልነበረም። ሳንግስተርም የደመወዝ ሥራውን ትቶ ሙሉ በሙሉ ጸሐፊ ሆነ።

ባሕር የማይሻገር ድራኩላ

ቀጣዩ የብራም ስቶከር «ድራኩላ» ነበር። ልብ ወለዱ ሰፊ ነው፤ ከትራንስልቫኒያ ተነሥቶ በመርከብ ማዕበል አቋርጦ እንግሊዝ ይገባል፤ ቆጠራ የሚያታክቱ ገጸ ባሕርያት አሉት፤ ድራኩላም የሌሊት ወፍና ተኩላ ይሆናል። ሳንግስተር እንደ ልብስ ሰፊ ጨርቁን ለክቶ ቆረጠው። መርከቡን አስቀረ። እንግሊዝን አስቀረ። እብዱን ሬንፊልድን አስቀረ። ሁሉም ነገር በመካከለኛው አውሮፓ፣ ከቤተ መንግሥቱ በሠረገላ የአንድ ሌሊት መንገድ በሆነ ከተማ ውስጥ ይፈጸማል። ጆናታን ሃርከር በልብ ወለዱ ውስጥ ምንም የማያውቅ የሕግ ሰው ነው፤ እዚህ ግን መጻሕፍት ለማደራጀት የመጣ መስሎ ድራኩላን ሊገድል የገባ ነው። ይህ ለውጥ ብቻውን የአንድ ምዕራፍ ማብራሪያ አድኗል። ሃርከር ደግሞ ቶሎ ይሞታል፤ ዋናው ሰው ነው ብሎ የያዘው ተመልካች ባዶ እጁን ይቀራል።

የሌሊት ወፉስ? ድራኩላን የሚያሳድደው ፕሮፌሰር ቫን ሄልሲንግ (ኩሺንግ) ስለ ደም መጣጮቹ ቫምፓየሮች ያጠናውን በድምፅ መቅጃ ሲያስቀርጽና ሲያዳምጥ እናያለን። ቆየት ብሎ አንድ ሰው፣ ወደ ሌሊት ወፍ ወይም ወደ ተኩላ ይለወጣሉ ይባል የለም እንዴ ብሎ ሲጠይቀው፣ የተለመደ ስሕተት ነው ብሎ ያልፈዋል። በዚያች አጭር መልስ ልዩ ምስሎች የሚባለው ወጪ ከበጀቱ ወጣ። የሚገርመው ግን ውጤቱ ነው። ድራኩላ ተአምር ሲያጣ ሥጋ ለበሰ። በሩን ከፍቶ፣ በእግሩ ሄዶ፣ በመስኮት ገብቶ የሚመጣ ረጅም ቆንጆ ሰው ሆነ። ሚስቶችና እጮኞች መስኮታቸውን ከፍተው የሚጠብቁት ሰው። ክሪስቶፈር ሊ በመጀመሪያው ክፍል ከሃርከር ጋር ጥቂት ዓረፍተ ነገሮች ይለዋወጣል፤ ከዚያ ወዲያ እስከ ፊልሙ መጨረሻ አይናገርም። ሃርከርን በትሕትና የተቀበለውን ድምፅ አንዴ ከሰማን በኋላ ዝምታው ይከብዳል።

እዚህ ላይ ለሌሎቹም ድርሻቸውን መስጠት ተገቢ ነው። የሳንግስተር ስክሪፕቶች ብዙ ጊዜ አጥንት ብቻ ናቸው። በጠረጴዛው ላይ ሮጦ መጋረጃውን በመገንጠል ፀሐይ የማስገባቱ ታላቅ ፍጻሜ የኩሺንግ ፈጠራ አለበት፤ ሁለት የሻማ መቅረዞችን መስቀል አድርጎ መያዙም እንዲሁ። የጃክ አሸር ብርሃን፣ የጄምስ በርናርድ ሙዚቃና የፊሸር የረጋ እጅ ባይኖሩ ያ አጥንት ሥጋ አይለብስም ነበር። ይሁን እንጂ እነዚህ ባለሙያዎች ትርፍ ነገር ባልነበረበት ስክሪፕት ውስጥ የሚሠሩበት ቦታ ማግኘታቸውም እውነት ነው።

ከዚያ በኋላ ያሉት ሦስት ዓመታት ጥድፊያ ናቸው። ሁለተኛው የፍራንከንስታይን ፊልም በ1958፣ ስለ ጥንታዊ የግብፅ ደረቅ ሬሳ የሚተርከው «ሙሚው» በ1959፣ ከዚያም ለሌሎች ፕሮዲውሰሮች ስለ ቫምፓየርና ስለ ለንደኑ ነፍሰ ገዳይ ጃክ ዘ ሪፐር የጻፋቸው። ሁሉም አልያዙም። በ1959 ሞትን ስለሚያታልል ሰው ከአንድ የቲያትር ድርሰት ያዘጋጀው ፊልም የስልቱን ጉድለት አጋልጧል። ሰዎች በሳሎን ተቀምጠው ልናየው የሚገባንን ነገር እርስ በርሳቸው ይነጋገሩታል። ቁጠባ ፍርሃቱን ወደ ፊት ገጽታ ካላሻገረው ወደ ወሬ ይለወጣል።

ከመቃብር ወደ መኖሪያ ቤት

ሳንግስተር ራሱም ካባና መቃብር ሰልችቶት ነበር። ጥቁርና ነጭ፣ የዘመኑን ልብስ የለበሰ፣ አንድ ቤት ውስጥ የሚያልቅ የልብ ሰቀላ ታሪክ ጻፈ፤ በዚህ ጊዜ ግን ፕሮዲውሰሩም እኔ ልሁን አለ። «የፍርሃት ጣዕም» በ1961 በሴዝ ሆልት ዳይሬክተርነት ወጣ። በተሽከርካሪ ወንበር የምትሄድ ወጣት ለዓመታት ወዳላየችው አባቷ ቤት፣ ወደ ደቡብ ፈረንሳይ ትመጣለች። አባትሽ ጉዞ ላይ ነው ይሏታል። ሌሊት ግን ሬሳውን ታያለች። ስትጮህ ሰው ይመጣል፤ ሬሳው የለም። በ1955 የወጣው «ዲያቦሊክስ» የተባለው የፈረንሳይ ፊልም ተጽዕኖ ግልጽ ነው፤ ነገር ግን ሳንግስተር ተመልካቹ ያንን ፊልም ማየቱን አስቦ፣ ገመትኩት ያለውን ሰው መልሶ የሚያታልል አጻጻፍ ነው የተጠቀመው። በፊልሙ ላይ የተጫወተው ክሪስቶፈር ሊ ከተሳተፈባቸው የሀመር ፊልሞች ሁሉ ምርጡ ይህ እንደሆነ ይናገር ነበር።

ተከታዮቹ መጡ። «ማኒያክ»፣ «ፓራኖያክ»፣ «ቅዠት»፣ «ሂስቴሪያ»፤ ሁሉም ከ1963 እስከ 1965 ባለው ጊዜ። ትልቅ ቤት፣ ጤናዋ የሚጠረጠር ሴት ወይም ወንድ፣ እብደት የሚያስመስል ሴራ፣ ከመጨረሻው በፊት የሚገለበጥ እውነት። ከእነዚህ ውስጥ «ቅዠት» በመሐሉ ላይ ባለታሪኳን ጥሎ ሴረኞቹን ራሳቸውን ባለታሪክ የሚያደርግ ደፋር አወቃቀር አለው። የቀሩት ግን በሦስተኛው ላይ ተመልካቹ መልሱን ቀድሞ የሚያውቀው እንቆቅልሽ ሆኑ። ርካሽ መሆናቸው ለኩባንያው ጥሩ ነበር፤ ለጸሐፊው ግን ወጥመድ። አንድ ቀመር ወጪውን ሲመልስ ለውጥ የሚጠይቅ ሰው አይኖርም።

ከወጥመዱ ያወጣው የሌላ ሰው ልብ ወለድ ነው። በ1965 ከኤቭሊን ፓይፐር መጽሐፍ «ሞግዚቷን» ጻፈ፣ ፕሮዲውስም አደረገ፤ ዳይሬክተሩ እንደገና ሴዝ ሆልት፣ ተዋናይዋ ቤቲ ዴቪስ። የአሥር ዓመቱ ጆይ ታናሽ እኅቱ በመታጠቢያ ገንዳ ከሞተች በኋላ ከቆየበት ተቋም ወደ ቤት ይመለሳል። ሞግዚቷ የሠራችውን ምግብ አይበላም። መታጠቢያ ቤት ሲገባ እሷ እንድትቀርብ አይፈልግም። ቤተሰቡ ልጁን ይገሥጻል፤ ሞግዚቷ ደግሞ በትዕግሥት ፈገግ ትላለች። ጭራቅ የለም፤ ትሪ የያዘች አሮጊት አለች። የመታጠቢያ ቤት በር አለ። ከሳንግስተር ሥራዎች ሁሉ የበላይ የማደርገው ይህን ነው፤ ምክንያቱም ቁጠባው ለመጀመሪያ ጊዜ ለማታለያ ሳይሆን ለሐዘን ዋለ። ፊልሙ ሲያልቅ ሞግዚቷን ከመጥላት ይልቅ እናዝንላታለን።

በ1968 ከቤቲ ዴቪስ ጋር «የጋብቻ በዓል» የተባለውን ሠራ። ቀረጻው በተጀመረ በጥቂት ቀናት ዳይሬክተሩ አልቪን ራኮፍ በተዋናይዋ ግፊት ተነሥቶ ሮይ ዋርድ ቤከር ተተካ። ፕሮዲውሰርነት ለጸሐፊ ሥልጣን ሰጠው ቢባልም፣ ሥልጣኑ የኮከቡን ያህል አልነበረም።

በዚሁ መሐል አንድ ስሙ ያልታየበት ሥራ አለ። በ1966 የወጣው ሁለተኛው የሊ ድራኩላ ፊልም ጸሐፊ ጆን ሳንሶም ተብሎ ነው የተመዘገበው፤ ሳንግስተር ነው። በውጤቱ ስላልተደሰተ የብዕር ስም ተጠቀመ። በዚህ ፊልም ድራኩላ አንድም ቃል አይናገርም። ሊ፣ የተጻፈልኝን ንግግር አንብቤ አልናገረውም አልኩ ይል ነበር፤ ሳንግስተር ደግሞ ቫምፓየር ወሬ አያወራም ብዬ ነው ምንም ያልጻፍኩት ብሏል። የ1958ቱን የ«ድራኩላ» ስክሪፕት ያነበበ ሰው ለጸሐፊው ቢያደላ አይፈረድበትም፤ ያኔም ዝምታውን የመረጠው እሱ ነበርና።

ሁሉም በእጁ ሲሆን

በ1970 ሀመር የመጀመሪያውን የፍራንከንስታይን ታሪክ በወጣት ተዋናይ ሊደግመው ፈለገ። ሳንግስተር ስክሪፕቱን እንዲያሻሽል ሲጠየቅ፣ ዳይሬክተርነቱን ከሰጣችሁኝ እሠራለሁ አለ። ሰጡት። ጻፈ፣ ፕሮዲውስ አደረገ፣ ዳይሬክት አደረገ። ከ14 ዓመት በፊት ራሱ የፈጠረውን ታሪክ አሁን እንደ ቀልድ ነገረው። ራልፍ ቤትስ ባሮኑን በማሾፍ ይጫወታል። ፊልሙ የትም አልደረሰም፤ ጥፋቱም ከቀልዱ ይመስለኛል። የማርማላታው ትዕይንት የሚያስፈራው ኩሺንግ በፍጹም ቁም ነገር ስለተጫወተው ነው። ባሮኑ ራሱ እየሳቀ ከሆነ ተመልካቹ የሚደነግጥበት ነገር አይኖርም።

ቴሬንስ ፊሸር ሊሠራው የነበረውን፣ በ1971 የወጣውን አንድ የቫምፓየር ፊልም ቀረጻው ሲቃረብ ተረከበ፤ ስክሪፕቱ የሌላ ሰው ነበር፤ ከቀረጻ በኋላ የገባበትን የፖፕ ዘፈን ሲሰማ ማፈሩን ተናግሯል። በ1972 ደግሞ ለዓመታት በመሳቢያ ውስጥ የቆየ ስክሪፕቱን አውጥቶ «ፍርሃት በሌሊት» ብሎ ሠራው። ጁዲ ጊሰን፣ ጆአን ኮሊንስ፣ ኩሺንግም ነበሩበት። ባዶው የትምህርት ቤት ግቢ ጥሩ ነው፤ ባዶ መሆኑም ምንም አላስወጣም። ሴራው ግን የ1961ዱ ነው፣ ተመልካቹ ደግሞ የ1972ቱ። በዚያ ላይ የአሜሪካ ስቱዲዮዎች ከብሪታንያ ፊልም ገንዘባቸውን እያወጡ ነበር፤ ሀመርም እየደከመ ሄደ።

ሳንግስተር ወደ ሎስ አንጀለስ ተሻገረ። በ1970ዎቹ ለአሜሪካ ቴሌቪዥን የጻፋቸው ክፍሎች ብዙ ናቸው፤ አብዛኞቹ የመርማሪ ፖሊስ ተከታታዮች ናቸው፣ እዚህ ልዘረዝራቸው አልፈልግም። አንዱን ግን ማለፍ አይቻልም። በዲሴምበር 1974 «ኮልቻክ» በተባለው ተከታታይ ውስጥ ስለ ራክሻሳ፣ ከሂንዱ አፈ ታሪክ ስለተወሰደ ሰው በላ ፍጡር፣ አንድ ክፍል ጻፈ። ፍጡሩ የሚቀርበው ተጠቂው እጅግ የሚያምነውን ሰው መስሎ ነው። አንድ ሽማግሌ በጨለማ መንገድ ላይ የሚያምነውን ሰው ያያል፤ ደስ ብሎት ወደሱ ይሄዳል። የሳምንት በጀት ላለው ቴሌቪዥን ከዚህ የሚሻል ጭራቅ አይገኝም፤ ሜካፑ የወዳጅ ፊት ነው። ሳንግስተር በ1956 በብሬይ የተማረውን ሁሉ በካሊፎርኒያ በአንዲት ክፍል ውስጥ አገኘው፤ ክፍሉንም ብዙዎች ከተከታታዩ ምርጥ ከሚባሉት ይቆጥሩታል።

በ1997 የሕይወት ታሪኩን አሳተመ፤ ርእሱ «ጥሩ ይሁንላችሁ ወይስ ማክሰኞ ይድረስላችሁ?» የሚል ነው። አስፈሪ ፊልም አድናቂ አልነበርኩም፣ ሥራዬ ስለነበር ጻፍኩ ማለቱን እስከ መጨረሻው አልተወም። በኦገስት 2011 በ83 ዓመቱ ለንደን ውስጥ አረፈ።

ይህን ስለ ራሱ የተናገረውን እንዳለ አልቀበለውም። ባለሙያነቱን አምናለሁ፤ ከሱ በታች ደግሞ የማይታለፍ ምርጫ አለ። የበጀት ሠንጠረዥ ሕዝቡን አስቀር ይላል፣ የሌሊት ወፉን አስቀር ይላል፤ በምትካቸው የፖልን ዝምታ ወይም የቁርስ ጠረጴዛ አስገባ አይልም። ያንን ያስገባው ሰው ነው። ከ1963 በኋላ ብዙ ጊዜ ያጣውም ይህንኑ ሁለተኛውን እርምጃ ነው፤ መቀነሱን ቀጠለ፣ በተቀነሰው ቦታ የሚተካውን ግን ከራሱ አሮጌ ፊልሞች ይበደር ጀመር።

ሥራዎቹን አይታችሁ የማታውቁ፣ በተለይም በትንሽ ገንዘብ ስክሪፕት የምትጽፉ፣ በ«ድራኩላ» ባትጀምሩ እመርጣለሁ፤ የሊና የኩሺንግ ግርማ ጸሐፊውን ይሸፍነዋል። በ«ሞግዚቷ» ጀምሩ። ወረቀት ይዛችሁ ተቀመጡና በየትዕይንቱ ስንት ሰው፣ ስንት ክፍል፣ ስንት ዕቃ እንዳለ መዝግቡ፤ አጠገቡም በዚያ ቅጽበት ምን እንደፈራችሁ ጻፉ። ከዚያ «የፍራንከንስታይን እርግማን»ን በዚያው መንገድ እዩ፤ ጀስቲን ወደ ቤተ ሙከራው ስትገባ ደግሞ እስክሪብቶውን አስቀምጣችሁ የኩሺንግን ፊት ብቻ ተመልከቱ።